በዶክመንተሪ እንጀራ ይበላል? የሳሌም መኩሪያን የሥራ ጉዞ ይዘን እንነጋገር

ነፃ_ካሜራ (ክሩን የጀመረው)

ሰላም ቤተሰብ። «በዶክመንተሪ እንጀራ ይበላል ወይ?» የሚል ጥያቄ እዚህ በየጊዜው ይነሳል። መልሱም ሁሌ አንድ ነው። ሠርግ ቅረጽ፣ ስፖት (ማስታወቂያ) ሥራ፣ የራስህን ፊልም ሲተርፍህ ትደርስበታለህ። እኔ በዚህ አልስማማም። ግን በባዶ ሜዳ ከምንከራከር የአንድ ሰው የሥራ ታሪክ ይዘን ብናወራ ይሻላል ብዬ ነው።

የመረጥኩት ፕሮፌሰር ሳሌም መኩሪያን ነው። ኃይሌ ገሪማን የማያውቅ የፊልም ሰው የለም፤ የሳቸው ስም ግን ሀገር ቤት ስለ ፊልም ሲወራ ብዙም አይነሳም፣ ይሄ ያናድደኛል። ባጭሩ ልንገራችሁ (ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። አሜሪካ ቦስተን ውስጥ «ኖቫ» በሚባለው የሕዝብ ቴሌቪዥን የሳይንስ ፕሮግራም ለዓመታት ሠሩ። ከዚያ የራሳቸውን ፊልም ጀመሩ። በ1988 ማርታስ ቪንያርድ በሚባለው ደሴት ስላለው የጥቁር አሜሪካውያን ማኅበረሰብ ሠሩ። በ1991 ደግሞ ሁለት ፊልም አወጡ። አንዱ ስለ ደራሲዋ ዶሮቲ ዌስት ነው፤ ሁለተኛው «ስደት» ይባላል፣ ሱዳን ውስጥ ስለሚኖሩ ሦስት ስደተኛ ሴቶች ነው። በ1997 «የወንዝ ማዕበል» መጣ። የተማሪዎቹ ንቅናቄ፣ አብዮቱ፣ ደርግ፣ እና በዚያ መሀል የደረሰበት ሳይታወቅ የቀረ ወንድማቸውና የተገደለች የልብ ጓደኛቸው። በ2003 ደግሞ ከአንድ ስክሪን ወጥተው በሦስት ስክሪን የሚታይ የቪዲዮ ሥራ አቀረቡ፣ ጣሊያን ውስጥ በሚካሄደው ትልቅ የሥነ ጥበብ ትርኢት፣ ቬኒስ ቢናሌ ላይ፣ በነበረው የአፍሪካውያን ኤግዚቢሽን ላይም ተካተዋል። ከፊልሙ ጎን ለጎንም ዌልስሊ በሚባለው የአሜሪካ ኮሌጅ ውስጥ ሥነ ጥበብ ያስተምሩ ነበር።

አሁን ይሄን ዝርዝር ሳየው ትኩረቴን የሚስበው አንድ ነገር ነው። ፊልሞቹ በርዕስ አይገናኙም፤ ደሴት፣ ደራሲ፣ ስደተኛ፣ ቀይ ሽብር። ግን ሁሉም ውስጥ አንድ ሰው ተቀምጦ የሆነውን ያስታውሳል፣ ካሜራውም አይቸኩልም። ይሄን ለመሥራት የመጨረሻውን ኤዲት የሚያጸድቅ አለቃ መኖር የለበትም። ለኔ የነፃ ፊልም ሠሪ ጉዳይ እዚያ ላይ ነው ያለው። ኪራዩን በማስተማር ክፈል፣ በትርጉም ክፈል፣ በፈለግከው ክፈል። ፊልሙ ላይ ግን «ይሄን አውጣው» የሚልህ ሰው አይኑር።

እናንተስ ምን ትላላችሁ?

---

ባለ_ድሮን

ወንድሜ ጽሑፍህን ወድጄዋለሁ፣ ግን አንድ ነገር ዘለልክ። ኮሌጅ ውስጥ ማስተማርና አዲስ አበባ ላይ መኖር አንድ አይደለም። ዩኒቨርሲቲ ደመወዝ፣ ካሜራ፣ የኤዲቲንግ ክፍልና የክረምት ዕረፍት ይሰጣል። እኛ ጋ አስተማሪ የሆኑ ጓደኞቼ ሁለት ቦታ ካላስተማሩ ወር አይደርሱም። መቼ ነው ካሜራ የሚያነሱት?

እኔ ሠርግ እቀርጻለሁ፣ አላፍርበትምም። ሁለት ልጅ አሳድግበታለሁ። የሠርግ ሥራ እጅ ያፈጥናል። ብርሃን በሌለበት አዳራሽ፣ ድጋሚ በማይባልበት ቅጽበት፣ አማች ከፊትህ ቆሞ ሲጨፍር ፍሬምህን ማግኘት መቻል ትምህርት ቤት የማይሰጠው ነው። ዶክመንተሪ ስቀርጽ ያ ልምድ በጣም ነው የጠቀመኝ። ስለዚህ «ሠርግ ቅረጽ» የሚለው ምክር ክፉ ምክር አይደለም።

---

ነፃ_ካሜራ

@ባለ_ድሮን እጅ ማፍጠኑን በደንብ ተቀብያለሁ። ሠርግ ቀረጻን አልነቅፍም። የኔ ችግር «ሲተርፍህ ትደርስበታለህ» የሚለው ላይ ነው። አይተርፍም። ጊዜ ቀድመህ ካልቆረጥክለት የሚተርፍ ጊዜ የለም።

አለቃ ያልኩት ነገር ከየት እንደመጣ ልንገርህ። ለአንድ የተራድኦ ድርጅት ስለ ውሃ ጉድጓድ አጭር ፊልም ሠራሁ። አንዲት እናት ፓምፑ አጠገብ ቆመው ያወራሉ። መጀመሪያ አመሰገኑ። ከዚያ እጃቸውን ፓምፑ ላይ ጣል አድርገው «ይሄ ግን ከፋሲካ ወዲህ አይሠራም፣ መለዋወጫው ጠፋ ብለው ሄዱ፣ እኛ ወንዝ ተመልሰናል» አሉ። ድምፃቸው ላይ ምንም ቁጣ የለም፣ ዝም ብለው ነው የነገሩኝ። የፊልሙ ነፍስ እሷ ዐረፍተ ነገር ነበረች። ከቢሮ የመጣው አስተያየት «ምስጋናው ይቆይ፣ ቀሪው ይውጣ» የሚል ነበር። ወጣ። ውሉ ላይ ፉቴጁ (የተቀረጸው ምስል) የነሱ ስለሆነ ዛሬም ላሳያችሁ አልችልም። ክፍያው በሰዓቱ ገባ፣ የሴትዮዋ ንግግር ግን የለም።

---

ኤዲተሯ

ስለ ሦስቱ ስክሪን ማንም ምንም አላለም፣ እኔ ልግባበት። ብዙ ሰው «ቪዲዮ አርት» ሲባል የማይገባ ነገር ጋለሪ ውስጥ መስቀል ይመስለዋል። ሥራው ግን ከዶክመንተሪ ኤዲት የባሰ ጠጣር ነው።

አስቡት። መሀሉ ላይ አንድ ሰው እየተናገረ ነው። ግራና ቀኙ ምን ያድርጉ? ሁለቱም ከተንቀሳቀሱ ዓይን ተናጋሪውን ጥሎ ይሄዳል። ሁለቱም ከቆሙ ሦስት ስክሪን ለምን አስፈለገ? ስለዚህ አንዱ ሲናገር ሌላው ይተነፍሳል፣ ሦስተኛው ደግሞ ምናልባት የሚያስተባብል ምስል ይዞ ይመጣል። ድምፅ ደግሞ ሌላ ጣጣ ነው። ክፍሉ አንድ ነው፣ ሦስቱም ድምፅ ካወጡ ገበያ ይሆናል። የትኛው ስክሪን በየትኛው ሰከንድ ድምፅ እንደሚይዝ አስቀድሞ መታሰብ አለበት። ሦስቱ ማጫወቻዎች አብረው ካልተነሱ ደግሞ በየዙሩ ጥቂት ፍሬም እየተንሸራተቱ፣ ከሰዓት በኋላ ላይ ሙሉ በሙሉ የተለያየ ፊልም ታያላችሁ። እኔ በዚህ እንቅልፍ አጥቼ አውቃለሁ።

ሌላው፣ ሲኒማ ቤት ተመልካች ከመጀመሪያው ይቀመጣል። ጋለሪ ውስጥ ግን መሀል ላይ ይገባል፣ ሲፈልግ ይወጣል። መጀመሪያና መጨረሻ የሚባል ነገር የለህም። እያንዳንዱ ቁራጭ ለብቻው መቆም አለበት።

ታዲያ አንድ ዶክመንተሪ ሠሪ ወደዚህ ለምን ይሄዳል? እኔ እንደሚመስለኝ ስለ ኢትዮጵያ በአንድ ስክሪን ስትናገር አንድ ታሪክ መምረጥ ይኖርብሃል። ከዚያ ወዲያው «የማንን ታሪክ ነው የነገርሽው?» ይመጣል። ሦስት ምስል ጎን ለጎን ሲቆም ማንም ማንን አይሸፍንም። ከ1997ቱ ወደ 2003ቱ ሥራ የተሸጋገሩት ለዚህ ይመስለኛል፣ የኔ አስተያየት ነው።

---

የጉለሌ_ልጅ

@ኤዲተሯ በጣም ጥሩ ነው፣ ግን እኔን የሚያሳስበኝ ማን ያየዋል የሚለው ነው። እናቴ ጋለሪ ገብታ አታውቅም። ስለ ቀይ ሽብር የተሠራ ነገር እሷ የማታየው ከሆነ ለማን ነው የተሠራው? ቬኒስ ላይ የሚያየው ሰው ደርግን በስሙም አያውቀውም።

---

ነፃ_ካሜራ

@የጉለሌ_ልጅ ጥያቄህ ትክክል ነው። ግን ብዙ ክፍል ያለው ምስል ለእናትህ ባዕድ አይደለም። ባለ ተከፋች ሥዕል፣ መሀሉ ላይ እመቤታችን፣ ግራና ቀኙ ቅዱሳን፤ ዓይኗ ከአንዱ ወደ ሌላው እየሄደ ማንበብ ከልጅነቷ ታውቅበታለች። የንግሥተ ሳባን ታሪክ በየሳጥኑ ከፋፍሎ የሚናገረውን ሸራ በየቤቱና በየሱቁ አይተኸዋል። የቪዲዮ አርቲስቱ ቴዎ እሸቱ የአክሱምን ሐውልት መመለስ በ15 ስክሪን ሲሠራው ያንን የሳጥን ሥዕል ነው የተከተለው። ሐውልቱ በ1937 በፋሺስቶች ተወስዶ፣ በ2005 በሦስት ቁራጭ በአውሮፕላን መጥቶ፣ በ2008 ነው የቆመው፤ እንዲህ በቁራጭ የመጣን ነገር በቁራጭ ስክሪን ማሳየት የሚያስደስት አሠራር ነው። አፍሪካ አዳራሽ ያለው የአፈወርቅ ተክሌ የመስታወት ሥዕልም ሦስት ክፍል ነው፤ ያለፈው፣ ያሁኑና የሚመጣው። 150 ካሬ ሜትር ነው፣ ከፊቱ ስትቆም አንገትህን ታዞራለህ።

ቦታው ላይ ግን እስማማለሁ። መታየት ያለበት እዚህ ነው።

---

ዕድሜ_ጠገብ

ልጆች፣ ብዙ ጊዜ አነባለሁ እንጂ አልጽፍም። ዛሬ ግን ስለዚያ ዘመን ስለተነሳ ነው።

በ1969 እና በ1970 (በኛ አቆጣጠር) እኔ ተማሪ ነበርኩ። ከሰፈራችን ማታ ተወስዶ ጠዋት መንገድ ላይ ተጥሎ የተገኘ ልጅ አለ። ወረቀት ደረቱ ላይ ለጥፈውበት ነበር። እናቱ እንዳታለቅስ ተከልክላ ነበር። እሷ ሴትዮ እስክትሞት ድረስ ስሙን በቤቷ ውስጥ ድምፅ ዝቅ አድርጋ ነበር የምትጠራው፣ ደርግ ከወደቀ በኋላም።

ይህንን ለምን ነገርኳችሁ? እንዲህ ባለ ቤት ካሜራ ይዞ መግባት ቀላል አይደለም። ሰው አይናገርም። የሚናገረውም የትኛው ወገን እንደነበርክ ካወቀ በኋላ ነው። በዚያ ዘመን ወንድም ከወንድሙ፣ ጓደኛ ከጓደኛዋ በድርጅት ተለያይተው ነበር። ፕሮፌሰሯ ስለ ራሳቸው ወንድምና ጓደኛ በራሳቸው አንደበት መናገራቸው ለዚህ ነው ትልቅ የሆነብኝ። ሰው ጋ ሄደው «ያንተን ቁስል አሳየኝ» ከማለታቸው በፊት የራሳቸውን አስቀደሙ።

መስቀል አደባባይ አጠገብ ያለው የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም በ2010 በፈረንጅ ነው የተከፈተው። ፊልሙ የተሠራው ከዚያ ብዙ ዓመት ቀድሞ ነው። የልጅ ልጆቼን ሙዚየሙ ወስጃቸዋለሁ፣ ፊልሙንም አብረን ብናይ ደስ ይለኛል።

---

የጉለሌ_ልጅ

ጋሼ ስለጻፉልን በጣም እናመሰግናለን። እርስዎ ራስዎ በካሜራ ቢናገሩ ፈቃደኛ ይሆናሉ? ግዴታ የለውም፣ ስምዎም ሳይጠቀስ ሊሆን ይችላል።

---

ዕድሜ_ጠገብ

@የጉለሌ_ልጅ ልጄ፣ መጀመሪያ ያለ ካሜራ ና። ቡና እንጠጣ። ከዚያ እናያለን።

---

ሜሪላንድ_ነኝ

እኔ ከዚህ ከዲያስፖራው በኩል ልበል። ስለ ዶሮቲ ዌስት የተሠራውን ብዙዎቻችሁ የሚዘሉት ይመስለኛል፣ «የኛ ታሪክ አይደለም» ብላችሁ። ለኔ ግን የሙያው ትምህርት እዚያ ላይ ነው ያለው።

ዶሮቲ ዌስት በ1907 ቦስተን የተወለዱ፣ ሃርለም ሬኔሳንስ ከሚባለው የጥቁር አሜሪካውያን የሥነ ጽሑፍና የኪነ ጥበብ ንቅናቄ ጸሐፊዎች በዕድሜ ትንሿ የነበሩ ናቸው። የመጀመሪያ ልቦለዳቸው በ1948 ወጣ፣ ከዚያ ለረጅም ጊዜ ሌላ ልቦለድ አልታተመላቸውም፣ እዚያው ማርታስ ቪንያርድ ደሴት ላይ ለአካባቢው ጋዜጣ እየጻፉ ኖሩ። ሁለተኛው ልቦለዳቸው የወጣው በ1995 ነው፣ በ1998 አረፉ። ፊልሙ በ1991 ነው። ማለትም ዓለም ተመልሶ ከማስታወሱ 4 ዓመት ቀድሞ፣ አንዲት ኢትዮጵያዊት ካሜራ ይዛ አጠገባቸው ተቀምጣለች። ያን ጊዜ ማንም ፋሽን ስለሆነ አልነበረም የሄደው። ዶክመንተሪ ሠሪ ሰው ማየት ያለበት ይሄን ነው፤ በዕድሜ የገፋ ሰው አጠገብህ አለ፣ ጊዜው ዛሬ ነው።

ደግሞ አሜሪካ ውስጥ አፍሪካዊ ፊልም ሠሪ ስትሆን ሁሉም ሰው ስለ ረሃብ እንድትሠራ ነው የሚጠብቀው። እሳቸው ግን መጀመሪያ ጎረቤታቸው ያለውን ማኅበረሰብ አዩ። ይሄ ድፍረት ነው።

---

ባለ_ድሮን

@ሜሪላንድ_ነኝ ይሄን አላውቅም ነበር፣ አመሰግናለሁ። አያቴ ከጣሊያን ጊዜ ጀምሮ ያለውን በቃላቸው ነው የሚያወሩት። እዚያው ሰፈር ነኝ፣ አንድም ቀን ካሜራ አላዞርኩም። በዚህ ሳምንት እጀምራለሁ። ድምፅ በምን ልያዝ? የሠርጉ ማይክ ይሆናል?

---

ኤዲተሯ

@ባለ_ድሮን ይሆናል፣ ደረታቸው ላይ የሚሰካው ማይክ ይበቃል። ግን ነጠላቸው እንዳይሸፍነው፣ ጨርቁ ሲነካው የሚያሰማው ኮሽታ በኋላ አይወጣም። ፍሪጁን ከሶኬት ንቀለው፣ ቴሌቪዥን ዝጋ። ከጎን ሌላ መቅረጫ፣ ስልክህም ቢሆን፣ አብረህ አስነሳ። ሲጨርሱ ካሜራውን ቶሎ አትዝጋ። አብዛኛው ሰው ዋናውን ነገር የሚናገረው «በቃ ጨረስን» ከተባለ በኋላ ነው።

ድሮ በ16 ሚሊ ሜትር ፊልም ይሄ ቅንጦት ነበር። አንድ ባለ 400 ጫማ ጥቅል 11 ደቂቃ ያህል ነው የሚይዘው፣ በየደቂቃው ገንዘብ ነው የሚነድደው። አንተ ዛሬ ሁለት ሰዓት ብትቀርጽ የሚያልቅብህ ባትሪ ብቻ ነው። ማታውኑ ሁለት ሃርድ ዲስክ ላይ ገልብጠው፣ አንዱን ሌላ ቤት አስቀምጥ። ሁለቱን በአንድ ቦርሳ ይዞ የተሰረቀበት ልጅ አውቃለሁ።

---

ሦስተኛ_ዓመት

ጥያቄ አለኝ። እኔ ገና ተማሪ ነኝ። ኤንጂኦ አልፈልግም፣ ሠርግም አልሞከርኩም፣ ማስተማር ደግሞ ገና ራሴ እየተማርኩ ነው። ገንዘቡ ከየት ይመጣል? ፈንድ የሚባለው ለኛ ይሰጣል ወይስ ሰው ላለው ነው?

---

ነፃ_ካሜራ

@ሦስተኛ_ዓመት ይሰጣል፣ ሰው የሌላቸውም አግኝተዋል። አምስተርዳም ያለው ኢድፋ የሚባለው የዶክመንተሪ ፌስቲቫል በርታ ፈንድ የሚባል አለው፣ አፍሪካን ጨምሮ ለእንደኛ ዓይነት አገሮች ነው የተቋቋመው። ናይሮቢ ዶክዩቦክስ አለ፣ የምሥራቅ አፍሪካ ዶክመንተሪን ይደግፋል። ግን አንድ ነገር ልብ በይ። ማንም ሐሳብ ብቻ አይቶ አይሰጥም። ጥቂት ደቂቃ የቀረጽሽው ነገር ይጠይቁሻል። ያንን ደቂቃ የምትቀርጪው በራስሽ ነው፣ በተውሶ ካሜራም ቢሆን።

ጊዜውንም እወቂው። ጄሲካ በሽር ሐረር ላይ ስለ ጫት የሠራችው ጥቁርና ነጭ ፊልም በ2021 ሰንዳንስ በሚባለው የአሜሪካ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ታየ። ቀረጻው ግን አሥር ዓመት ያህል የፈጀ ነው፣ ካሜራውንም የያዘችው ራሷ ነች። ብዙ ሰው የ2021ዱን ብቻ ነው የሚያየው። የሳሌም መኩሪያን ዓመታትም ተመልከቺ፣ 1991፣ 1997፣ 2003። በመካከሉ ያለው ባዶ አይደለም፤ ትምህርት አለ፣ ማመልከቻ አለ፣ ጥናት አለ፣ ሰው ፍለጋ አለ። ስለዚህ ለአንድ ፊልም የምታወጪውን ገንዘብ ሳይሆን ለአምስት ስድስት ዓመት የምትኖሪበትን ገቢ አስቢ።

---

ሦስተኛ_ዓመት

ጋሼ እንዳሉት መጀመሪያ ያለ ካሜራ መሄድ የሚለው ነገር በጣም ገባኝ። መርካቶ ቆርቆሮ ተራ የሚሠሩ ሰዎች አሉ፣ በበርሜል ምጣድና ባልዲ የሚያወጡ። ሁሌ እያለፍኩ አያቸዋለሁ፣ ድምፁ በራሱ ሙዚቃ ነው። ግን አንድም ቀን ቆሜ ሰላም አላልኳቸውም።

---

ባለ_ድሮን

@ሦስተኛ_ዓመት ጠዋት ሂጂ፣ ከሰዓት ሥራ ይበዛባቸዋል። ሲመችሽ የኔን ትርፍ ካሜራ ውሰጂ፣ ቅዳሜና እሑድ ብቻ ነው የማልሰጥሽ። በውስጥ መስመር ጻፊልኝ።

---

የጉለሌ_ልጅ

ወደ መጀመሪያው ጥያቄዬ ልመለስ። ፊልሞቹን እንዴት እናገኛቸዋለን? ኢንተርኔት ላይ ቁርጥራጭ ፈልጌ አጣሁ። አዲስ አበባ ላይ ማሳየት ብንፈልግ ማንን ነው የምንጠይቀው?

---

ሜሪላንድ_ነኝ

@የጉለሌ_ልጅ «ስደት» እና የዶሮቲ ዌስቱ ኒው ዮርክ ባለው ዊመን ሜክ ሙቪስ በኩል ነው የሚሠራጩት። የሴቶችን ፊልም የሚያከፋፍል ድርጅት ነው። በዋናነት ለዩኒቨርሲቲና ለቤተ መጻሕፍት ነው የሚሸጡት፣ ስለዚህ በግል ከምትጠይቅ በትምህርት ክፍል ወይም በቤተ መጻሕፍት ስም ብትጠይቅ ይሻላል። የት፣ መቼ፣ ስንት ሰው፣ መግቢያ ይከፈላል ወይስ በነፃ ነው፣ ይሄን በደብዳቤው ላይ ግለጽ። በነፃ መሆኑን መጻፍ ዋጋው ላይ ይረዳል። «የወንዝ ማዕበል»ን ግን በቀጥታ ራሳቸውን በአክብሮት መጠየቅ ነው።

እዚህ ብዙ የዩኒቨርሲቲ ቤተ መጻሕፍት ስለ አፍሪካ ሲኒማ ክፍል አላቸው፣ እኔ ያለሁበት አካባቢ ያሉትን ጠይቄ እነግራችኋለሁ። ደብዳቤውን በእንግሊዝኛ መጻፍ የሚያስቸግር ከሆነ እኔ እጽፋለሁ።

---

ሦስተኛ_ዓመት

የኛ ክፍል ኃላፊ ፈቃደኛ ይሆናሉ ብዬ አስባለሁ፣ አዳራሽም ፕሮጀክተርም አለን። ሰኞ እጠይቃቸዋለሁ።

---

ኤዲተሯ

ፕሮጀክተሩን ቀድመሽ በጨለማ ሞክሪው፣ በተለይ ድምፁን። የብዙ አዳራሽ ስፒከር ለንግግር ብቻ ነው የተገጠመው። እኔ ትንሽ ሚክሰርና ሁለት ስፒከር አለኝ፣ ይዤ እመጣለሁ።

---

ዕድሜ_ጠገብ

ቀኑ ሲቆረጥ እዚሁ ጻፉት። ምሽት ካደረጋችሁት ለኔ ያስቸግረኛል፣ ከሰዓት ይሁን።

---

ነፃ_ካሜራ

ከሰዓት ይሆናል ጋሼ። @ሜሪላንድ_ነኝ ደብዳቤውን ጀምሪልን፣ የክፍሉን ማኅተም ያለበት ወረቀት ሰኞ ማታ ይደርስሻል።